የርዕሰ መምህሩ ቦርጭ እና የእንግዳ ጠረጴዛው

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦

«ዶክተር፣ የምኖረው ማሌዥያ ውስጥ ክላንታን በምትባል ግዛት ነው። ለማስተርስ መጥቼ እዚሁ አገባሁ። ባለቤቴ ማላይ ነው። ባለፈው ዓመት የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ርዕሰ መምህር ሆኖ ተሾመ። ዕድሜው 47፣ ክብደቱ 94 ኪሎ፣ ቁመቱ 1 ሜትር ከ68 ነው። በቅርቡ ሐኪም ‹ስኳር ሊይዝህ አፋፍ ላይ ነህ› ብሎታል። አልፎ አልፎ ከትምህርት ቤት ውጭ ሲጋራ ያጨሳል። አሁን ደግሞ ርዕሰ መምህራን በጤናማ አኗኗር አርአያ ይሁኑ ተብሎ ጭንቅ ውስጥ ገብቷል። ‹በዚህ ቦርጭ ልጆች ፊት ቆሜ ምን እላለሁ?› ይለኛል። እኔ ‹መጀመሪያ 20 ኪሎ ቀንስ፣ ከዚያ ትናገራለህ› አልኩት። ናሲ ለማክ የሚባለውንም ቅባታም ሩዝ ከካንቲኑ አስወጣው አልኩት። እሱ ‹ባህላችንን አታውቂውም፤ የቀረበልኝን ምግብ እንቢ ማለት አልችልም› ይላል። ማላዮች አለቃ በጣም ያከብራሉ። እሱ ከተለወጠ ሁሉም ይለወጣል ብዬ ነው የማስበው። ተሳስቻለሁ? ከየት ይጀምር?»

ግማሹን ተሳስተሻል፣ እህቴ። ባለቤትሽም ግማሹን ተሳስቷል። 20 ኪሎ እስኪቀንስ አፉን ዘግቶ ይቆይ ማለትሽ ልክ አይደለም። እሱም ባህሌ እንቢ ማለት አይፈቅድልኝም ማለቱ ልክ አይደለም። ማላዮች እንቢታን የሚያለሰልሱበት የራሳቸው ብልሃት አላቸው፤ እደርስበታለሁ። ከቦርጩ ልጀምር።

አርአያ ሲባል ብዙ ሰው ቶሎ የሚታየው ቁመናው ነው። ቀጭን ከሆነ ይናገር፣ ወፍራም ከሆነ ይፈር። ልጅ ከትልቅ ሰው የሚቀዳው ግን በዚህ መንገድ አይደለም። የሥነ ልቦና ባለሙያው አልበርት ባንዱራ 1961 ላይ አንድ የታወቀ ሙከራ አሳትሞ ነበር (ዓመቶቹን ሁሉ የምጽፈው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው)። ትልልቅ ሰዎች በአየር የተነፋ አሻንጉሊት ሲደበድቡ ያዩ ሕፃናት ያንኑ ድብደባ ደገሙት፤ የተባለውን ቃል ሳይቀር። ባንዱራ በኋላ መቅዳት አራት ነገር ይፈልጋል አለ። ልጁ ልብ ብሎ ማየት አለበት። ያየውን መያዝ አለበት። በራሱ አቅም ሊደግመው መቻል አለበት። እንዲደግመው የሚገፋፋው ነገርም ያስፈልገዋል። ሦስተኛው ላይ ቆም በዪልኝ። የ9 ዓመት ልጅ የርዕሰ መምህሩን የወገብ ልክ ሊደግም አይችልም። ውሃ ቀድቶ መጠጣቱን ግን ይደግማል። ወገብ አይቀዳም፤ እጅ የሚሠራው ነው የሚቀዳው።

በዚሁ መስመር የተሠሩ ጥናቶች አርአያን ሁለት ዓይነት ያደርጉታል። አንዱ ነገሩን ከመጀመሪያው አሳምሮ የሚችል ሰው ነው። ሌላው እየተቸገረ፣ እየተሳሳተ፣ ቀስ በቀስ የሚሻሻል ነው። በራሱ የማይተማመን ሰው ብዙ ጊዜ የሚማረው ከሁለተኛው ነው፤ ራሱን ያይበታላ። አሁን የባለቤትሽን መምህራን አስቢያቸው። የማሌዥያ ጤና ሚኒስቴር በ2023 አገር አቀፍ ጥናቱ ከጎልማሶች 54.4 በመቶው ክብደታቸው ከልክ በላይ እንደሆነ አግኝቷል። 2019 ላይ 50.1 በመቶ ነበር። ስኳር ያለባቸው ደግሞ 15.6 በመቶ ናቸው፤ ከስድስት ጎልማሳ አንድ ማለት ይቻላል። በ2022 የታዳጊዎች ጥናትም 30.5 በመቶው ከልክ በላይ ወፍረው ተገኝተዋል። እንግዲህ ማራቶን የሚሮጥ ሸንቃጣ ርዕሰ መምህር ቢመጣ መምህራኑ ምን ይላሉ? «እሱማ ድሮም እንዲሁ ነው» ብለው ወደ ሻያቸው ይመለሳሉ። 94 ኪሎ የሚመዝነው ሰውዬ ግን ስኳር የሌለበት ሻይ ሲያዝ ካዩት፣ ያ የእነሱ ታሪክ ነው።

ስለዚህ ቦርጩ እንቅፋት አይሁንበት። እንዲያውም በአግባቡ ከተያዘ ይጠቅመዋል። በአግባቡ ማለቴ ደግሞ አደባባይ ላይ ወጥቶ ሕመሙን ይናዘዝ ማለቴ አይደለም። በማላይ ሙስሊሞች ዘንድ የራስን ነውርና ጉድለት መሸፈን ትልቅ ቦታ አለው። ኪሎውንም፣ የደም ውጤቱንም ለማንም መንገር አይጠበቅበትም። «እኔም እየተማርኩ ነው» የምትል አንዲት ዓረፍተ ነገር ትበቃለች። ከአለቃ አፍ ስትወጣ ደግሞ ከብዙ ስብከት ትበልጣለች።

ወደ ሁለተኛው ግምትሽ ልምጣ፤ «አለቃ ያከብራሉ፣ ስለዚህ ሁሉም ይከተሉታል» ወዳልሽው። ከዚያ በፊት አንድ ነገር ላጥራ፤ አንቺ ታውቂዋለሽ፣ ሌሎች አንባቢዎች ግን ይቀላቅሉታል። ማሌዥያዊ ሁሉ ማላይ አይደለም። ቻይናዎችም ሕንዶችም የቦርንዮ ነባር ሕዝቦችም አሉ። የአገሪቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 160 ማላይ ማለት እስልምናን የሚከተል፣ ማላይኛን ዘወትር የሚናገርና የማላይን ልማድ የያዘ ሰው ነው ይላል። ሃይማኖቱና ልማዱ በሕግ ሳይቀር የተጋመዱ ናቸው። የማወራው ስለዚህ ማኅበረሰብ ነው።

አለቃ ማክበራቸው እውነት ነው። ሆላንዳዊው የባህል ተመራማሪ ሆፍስቴድ አገሮችን በሥልጣን ርቀት (የበታች ሰው የአለቃን የበላይነት ምን ያህል እንደሚቀበል) ሲመዝን ለማሌዥያ የሰጣት ነጥብ ከሁሉም አገር የበለጠ ነበር። ግን መረጃው በዋናነት የተሰበሰበው አይቢኤም ከሚባለው የኮምፒውተር ኩባንያ ሠራተኞች ነው፤ ለዚያውም በ1960ዎቹ መጨረሻና በ1970ዎቹ መጀመሪያ። የክላንታን የአራተኛ ክፍል ተማሪ በዕረፍት ሰዓት ምን እንደሚበላ አይነግርሽም። ከቁጥሩ ይልቅ የራሳቸው ምሳሌያዊ አነጋገር ይሻላል። «መምህር ቆሞ ቢሸና፣ ተማሪ እየሮጠ ይሸናል» ይላሉ። አፉ ያዝ ይላል እንጂ ቁም ነገሩ ግልጽ ነው፤ ክፉ አርአያ ታች ሲወርድ እየባሰ ይሄዳል። ሌላም አላቸው፤ «ሸርጣን ልጇን ቀጥ ብለሽ ሂጂ ስትል» ይባላል፣ ራሷ በጎን እየሄደች። መንግሥትም ቢሆን በጠቅላይ ሚኒስትር ማሃቲር ዘመን፣ 1983 ላይ፣ «አመራር በአርአያነት» የሚል ዘመቻ አውጆ ነበር። ማለቴ፣ ሐሳቡ ለባለቤትሽ እንግዳ አይደለም። ሲሰማው ያደገ ነው።

ችግሩ ሌላ ቦታ ነው። አክብሮት መታዘዝን ያመጣል፤ ልማድን ግን ሁልጊዜ አያመጣም። ርዕሰ መምህሩ «ቅዳሜ ጠዋት በሙዚቃ ስፖርት እንሥራ» ቢል መምህራኑ ይመጣሉ። ስማቸውን ይፈርማሉ፣ ፎቶ ይነሳሉ፣ ከዚያ ጎን ካለው ሻይ ቤት ሄደው ሮቲ ቻናይ የሚሉትን ቅባታም ቂጣ ይበላሉ። ይህን ለማየት ማሌዥያ መሄድ አያስፈልግም፤ እኛም አገር ዘመቻ እናውቃለን። አለቃው ሲያዝ የሚደረግ ነገር አለቃው ሲሄድ ይቆማል። አለቃው ሳያዝ፣ ዝም ብሎ በየቀኑ የሚያደርገው ነገር ግን ቀስ ብሎ የቤቱ ሥርዓት ይሆናል። አክብሮቱን ለትእዛዝ ከሚያውለው ለዚህ ያውለው።

የት ነው በደንብ የሚታየው? አብዛኛው ሰው «የጠዋት ሰልፍ ላይ» ይላል። እኔ አይመስለኝም። የማላይ ትምህርት ቤት ውስጥ ስለ ጤና ከሁሉ ጮክ ብሎ የሚናገረው የእንግዳ ጠረጴዛው ነው። ሥነ ሥርዓት ባለ ቁጥር ጃሙአን የሚሉት መስተንግዶ አለ። የሽልማት ቀን፣ የወላጆች ስብሰባ፣ ከወረዳ ሰው ሲመጣ፣ መምህር ሲዛወር። አዳራሹ ፊት ለፊት ጨርቅ የለበሰ ጠረጴዛ ይቀመጣል። ላዩ ላይ በኮኮናት ወተትና በስኳር የተሠሩ ኩዊህ የሚባሉ ጣፋጮች ይደረደራሉ። የተጠበሰ ኑድል አለ። ሮዝ ቀለም ያለው፣ በወተት የተበረዘ ጣፋጭ ሽሮፕ አለ። ርዕሰ መምህሩና እንግዶቹ መጀመሪያ ይቀመጣሉ፣ መጀመሪያም ይቀርብላቸዋል። አስተናጋጆቹ ደግሞ ብዙ ጊዜ ራሳቸው ተማሪዎች ናቸው፤ ዩኒፎርማቸውን አሳምረው፣ ትሪ ይዘው፣ አጎንብሰው። አንድ ትምህርት ቤት ውስጥ «ስኳር ቀንሱ» የሚል ትልቅ ፖስተር ግድግዳው ላይ፣ ከሥሩ ደግሞ በሽሮፕ የተሞላ ማሰሮ አይቻለሁ። ማንም አልሳቀም። ማንም ልብ አላለውም መሰለኝ። ልጆቹ ግን ሳይነገራቸው አንድ ትምህርት ወስደዋል፤ ክብር የሚገባው ሰው የሚበላው ይህን ነው የሚል።

ይህን ጠረጴዛ ባለቤትሽ መለወጥ ይችላል። በጀት አይጠይቅም፣ ከበላይ ፈቃድ አይጠይቅም። የእሱ ቤት ነው። ጣፋጩን በሙሉ አያንሳው፤ እንግዳ መናቅ ይመስላል። ከአምስት ዓይነት ኩዊህ ሁለቱን ያንሳ፣ በምትካቸው የተቆረጠ ፓፓያና ሐብሐብ ይግባ። ከሽሮፑ ማሰሮ ጎን የውሃ ማሰሮ ይቁም፤ በእሱ በኩል፣ እጁ በሚደርስበት። እሱ መጀመሪያ ውሃውን ይቅዳ። ይኸው ነው። ንግግር አያስፈልገውም።

ሻዩም እንዲሁ ነው። ማላዮች የሚወዱት ሻይ ቴህ ታሪክ ይባላል። ስሙን መጀመሪያ ስሰማ «የሻይ ታሪክ» ሊነግሩኝ ነው ብዬ ነበር። ‹ታሪክ› በእነሱ ቋንቋ ‹የተሳበ› ማለት ነው፤ ከአንዱ ማሰሮ ወደ ሌላው ከከፍታ እየተቀዳ አረፋ እስኪያወጣ ይሳባል። ጣፋጩ ከቆርቆሮ ወተት ነው፣ ብዙ ጊዜም ስኳር ይጨመርበታል። በቀን ሦስቴ አራቴ ከተጠጣ ቀላል አይደለም። ግን ቋንቋው ራሱ መውጫ አለው። «ኩራንግ ማኒስ» ማለት ‹ጣፋጩን ቀንስ› ማለት ነው። «ቴህ ኦ ኮሶንግ» ማለት ወተትም ስኳርም የሌለው ባዶ ሻይ ነው። ሻይ ቤት ሁሉ ይህን ያውቃል፤ ማንም አይገረምም። ርዕሰ መምህሩ በስብሰባ ላይ ድምፁን ከፍ አድርጎ «ለኔ ኮሶንግ» ካለ፣ አጠገቡ ያሉት ሦስቱ ምክትሎች በወሩ መጨረሻ ምን እንደሚያዝዙ እስቲ ተመልከቺ። አክብሮቱ የሚሠራው እዚህ ላይ ነው።

አሁን ወደ እንቢታው። ማላይ ሲገናኝ «በላህ ወይ?» ብሎ ነው ሰላም የሚለው። ቤቱ ስትገቢ «ጀምፑት ማካን» ይልሻል፤ እንብላ እንደምንለው ነው። የሠርግና የዱአ ድግሶቻቸው መላ መንደሩን ይጠራሉ። ርዕሰ መምህር ደግሞ በሁሉም ይጠራል። በክላንታን የዕረፍት ቀናት፣ ዓርብና ቅዳሜ፣ ሦስት ድግስ ሊኖርበት ይችላል። ካልሄደ ቅሬታ ነው፤ ሄዶ ካልበላ የባሰ ነው። ሰው ፊት ማሳፈር፣ የሰው ልብ መስበር፣ እነዚህ ለማላይ ቀላል ጥፋቶች አይደሉም። ባለቤትሽ የፈራው ይህንን ነው፤ መፍራቱ ተገቢ ነው።

ነገር ግን ‹ጃማህ› የሚባል ነገር አለ። ጥቂት መቅመስ፣ መንካት ማለት ነው። ከቀረበው ትንሽ የቀመሰ ሰው አክብሯል። ሳህን ሙሉ መጨረስ ግዴታ የለበትም። ከእኛ እንኳ የቀለለ ነው፤ እኛ ጋ «አፈር ስሆን» ተብሎ ጉርሻው አፍ ውስጥ ይገፋል፤ አንዱን ስትውጪ ሁለተኛው ይከተላል። እነሱ ጋ በቀኝ እጅ ትንሽ አንስቶ፣ ቀምሶ፣ አመስግኖ፣ የባለቤቱን ምግብ አሞግሶ መቀመጥ ይቻላል። ግብዣው ቡፌ ከሆነ ሳህኑን ራሱ ይሙላው፣ ሌላ ሰው አይሙላለት። የጤና ሚኒስቴራቸው የሚያስተምረውን የሳህን አከፋፈል ያውቀዋል፤ ሩብ ሩዝ፣ ሩብ ዓሣ ወይም ሥጋ፣ ግማሹ አትክልትና ፍራፍሬ። ድግስ ላይ ግማሽ አትክልት አይገኝ ይሆናል። ሩዙን ሩብ ማድረግ ግን ሁልጊዜ ይገኛል። ተጭነው ከጠየቁት ደግሞ ሃይማኖቱ ቃል ሰጥቶታል። ለምግብ ሲሶ፣ ለመጠጥ ሲሶ፣ ለትንፋሽ ሲሶ የሚለውን ሐዲስ ማላይ ሁሉ ያውቀዋል። ስለ ካሎሪ ከማውራት ይልቅ ይህን ማንሳት ማንንም አያስቀይምም።

ናሲ ለማክን ከካንቲኑ ማስወጣት ላይ ግን አልስማማም፣ በፍጹም። ናሲ ለማክ በኮኮናት ወተት የተቀቀለ ሩዝ ነው፤ ከቃሪያ ስልስ፣ ከደረቅ ትንንሽ ዓሣ፣ ከኦቾሎኒ፣ ከኪያርና ከእንቁላል ጋር። ለማላይ ልጅ ቁርስ ማለት ያ ነው፤ ለእኛ ልጅ ፍርፍር እንደሆነው። ርዕሰ መምህሩ ካገደው ሦስት ነገር ይከተላል። ወላጆች ይቆጣሉ። ልጆቹ ከአጥር ውጭ ካለው ነጋዴ ይገዛሉ፣ እዚያ ደግሞ ተቆጣጣሪ የለም። ጤና የሚባለው ነገርም የፈረንጅ ምግብ ማለት ነው የሚል ስሜት ያድራል። ይህ ሦስተኛው በጣም ያሳስበኛል። የማላይ ማዕድ በራሱ ብዙ ጤናማ ነገር አለው። ኡላም የሚሉት አለ፤ ጥሬውን የሚበላ የቅጠላ ቅጠል ዓይነት። የክላንታን መታወቂያ የሆነው ናሲ ክራቡ፣ ያ በአበባ ሰማያዊ የሚሆነው ሩዝ፣ ከተከተፈ ኡላም ጋር ነው የሚቀርበው። ባለቤትሽ ልጆች ፊት ኡላም ሲበላ ይታይ። የአያቶቻቸው ምግብ ነው፤ ማንም «ፈረንጅ ሆነ» አይለውም። አንድ ነገር ብቻ ይጠንቀቅ። ኡላሙን የሚያጠቅሱበት ቡዱ የተባለው የዓሣ ስልስ ጨው የበዛበት ነው። በጥቂቱ ይሁን።

ለካንቲኑ ከእገዳ የሚሻል መንገድ አለ። ካንቲን የሚሠራው በኮንትራት የያዘ ሰው ነው፣ ብዙ ጊዜ የመንደሩ ሰው። ትርፉ ትንሽ ነው፤ የሚሸጥበት ጊዜም ያቺ ግማሽ ሰዓት የማትሞላ ዕረፍት ናት። የአገሪቱ የካንቲን መመሪያ ለስላሳ መጠጥና ከረሜላን የመሳሰሉትን አስቀድሞ ከልክሏል፤ ያ መከበሩን ያረጋግጥ። ከዚያ ውጭ ሰውየውን ያነጋግረው። ናሲ ለማኩ በትንሽ መጠን ይሸጥ፣ ኪያሩ ይጨመር፣ ከተጠበሰ ዶሮ ይልቅ የተቀቀለ እንቁላል ይግባበት። የተቆረጠ ፍራፍሬ ገንዘብ መክፈያው አጠገብ ይቀመጥ። ነፃ የመጠጥ ውሃም በቀላሉ የሚገኝበት ቦታ ላይ ይሁን። ኮንትራቱ ሲታደስ እነዚህ በጽሑፍ ይግቡ። አርአያነት የሚያልቀው ሰውየው ሲዛወር ነው፤ ኮንትራት ውስጥ የገባ ነገር ግን ከእሱ በኋላም ይቆያል። በዓመት አንዴ በስፖርት ቀን ሚሎ የሚባለውን ቀዝቃዛ የቸኮላታ መጠጥ እያደለች የምትዞረውን መኪና ግን ተይለት። ትውልድ የወደዳትን ነገር መነካካት ትርፍ የለውም።

ስለ ክብደት ልኬት አንድ ማስጠንቀቂያ አለኝ። ማሌዥያ ውስጥ ከአራተኛ ክፍል ጀምሮ ተማሪዎች ሴጋክ የሚባል የአካል ብቃት ፈተና በዓመት ሁለት ጊዜ ይወስዳሉ። ቁመትና ክብደታቸውም ይለካል። ውጤቱ በልጆች ፊት እንዳይነበብ። ወፍራም ልጅን ሰልፍ ላይ በስም መጥራት፣ ወይም «የቀነሰ» ልጅ መሸለም፣ አይደረግም። ሰው ፊት ማፈር እንዲህ በሚፈራበት ማኅበረሰብ ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር ልጁን ተደብቆ እንዲበላ ወይም ምግብ እንዲዘል ያደርገዋል እንጂ አያቀጥነውም። ማላዮች «ወፍረሃል» ማለትን እንደ ተራ ወሬ ይጥሉታል፤ እኛም እንዲሁ ነን። ርዕሰ መምህሩ ግን ከዛሬ ጀምሮ ይተወው። የሚመሰገነው የሚደረግ ነገር ይሁን፤ ሰፓክ ታክራው የሚሉትን የእግር መረብ ኳስ መጫወቱ፣ ሲላት የሚባለውን የማላይ የትግል ስልት መለማመዱ፣ የውሃ ጠርሙስ ይዞ መምጣቱ።

ሲጋራው ላይ ግን መሃል መንገድ የለም። ከላይ «እየተቸገረ የሚሻሻል አርአያ ይሻላል» ብያለሁ። ይህ ለምግብ ይሠራል። ለሲጋራ የሚሠራው እያቆመ ላለ ሰው ብቻ ነው፤ ተደብቆ ለሚያጨስ አይሠራም። ትንሽ ከተማ ውስጥ ‹ከትምህርት ቤት ውጭ› የሚባል ቦታ የለም። ልጆቹ ሻይ ቤቱ በር ላይ ያዩታል፣ ሸሚዙ ላይ ይሸታቸዋል። የአገሪቱ የፈትዋ ምክር ቤት ሲጋራን 1995 ላይ፣ ቬፕን (የኤሌክትሮኒክ ሲጋራን) ደግሞ 2015 ላይ ሐራም ብሏል። ልጆቹ ይህን በሃይማኖት ክፍለ ጊዜ ይሰማሉ፤ ከዚያ ወጥተው እሱን ያያሉ። ጊዜውም ክፉ ነው። ከ2017 እስከ 2022 ሲጋራ የሚያጨሱ ታዳጊዎች ከ13.8 ወደ 6.2 በመቶ ሲወርዱ፣ ቬፕ የሚስቡት ከ9.8 ወደ 14.9 በመቶ ወጥተዋል። ‹ሲጋራ ትቼ ቬፕ ጀመርኩ› የሚል ርዕሰ መምህር ለእነዚህ ልጆች ምን እንደሚነግራቸው ገምቺ። በመንግሥት ጤና ጣቢያዎች ሲጋራ ማቆሚያ አገልግሎት አለ። ይመዝገብ።

የራሱን ሕመም ደግሞ ከአርአያነቱ ለዪው። እሱ ሰው ነው፣ የትምህርት ቤት ፖስተር አይደለም። አፋፍ ላይ ነህ መባሉ ጥሩ ዜናም አለበት። 2002 ላይ ይፋ የሆነ አንድ ትልቅ የአሜሪካ ጥናት እንደ እሱ ያሉ ከ3,200 በላይ ሰዎችን ተከታትሎ ነበር። የክብደታቸውን 7 በመቶ እንዲቀንሱና በሳምንት 150 ደቂቃ እንዲንቀሳቀሱ የተደገፉት ቡድን ውስጥ፣ ስኳር የመያዝ ዕድል በ58 በመቶ ቀንሷል። ለ94 ኪሎ ሰው 7 በመቶ ማለት ስድስት ኪሎ ተኩል ግድም ነው። አንቺ ያልሽው 20 ኪሎ ከዚያ ሦስት እጥፍ ነው። ሰው እንዲህ ያለ ተራራ ሲታየው መጀመሩን ይተወዋል። 150 ደቂቃው ደግሞ ክላንታን ውስጥ አምስት የሥራ ቀን፣ ከእሑድ እስከ ሐሙስ፣ በቀን ግማሽ ሰዓት መራመድ ነው። ግማሹን ጠዋት በር ላይ ልጆች ሲቀበል፣ ግቢውን ሲዞር ይጨርሰዋል። እየታየ መራመዱ በአንድ ድንጋይ ሁለት ወፍ ነው።

ሰኞና ሐሙስ በሱና የሚጾም ከሆነ ይቀጥል፤ ብዙ መምህራን ይጾማሉ። ግን ሐኪሙ መድኃኒት ካዘዘለት፣ በተለይ ኢንሱሊን ወይም ስኳርን በኃይል የሚያወርዱ ክኒኖች፣ ሳያማክር አይጹም። ስኳሩ ከልክ በታች ወርዶ ሊጥለው ይችላል። ረመዳን ከመግባቱ በፊትም አስቀድሞ ይጠይቅ። ማፍጠሪያ ላይ የሚሸጡት ባለቀለም ጣፋጭ መጠጦች የቀኑን ጾም ጥቅም በአንድ ብርጭቆ ይበሉታል። ሦስት ወር ሳይቆይም ደሙን ያስመርምር። ጥማት፣ ቶሎ ቶሎ ሽንት መሽናት ወይም ዓይን መደብዘዝ ከመጣ ቀጠሮ አይጠብቅ።

ርዕሰ መምህሩ የማይችለውንም ላንሳ፣ በኋላ ራሱን እንዳይወቅስ። ልጁ ቤት ውስጥ ምን እንደሚበላ አይወስንም። የአባትና የእናት፣ የእኩያም ተጽዕኖ ከእሱ ይበልጣል። ዘይትና ስኳር ርካሽ፣ ዓሣና ፍራፍሬ ውድ መሆኑን አያስተካክልም። መንግሥት እንኳ 2019 ላይ በጣፋጭ መጠጦች ላይ በሊትር 40 ሳንቲም ቀረጥ ጥሎ፣ የአገሪቱ ክብደት ሲጨምር ነው የታየው። አንድ ትምህርት ቤት ይህን በአንድ ዓመት ይገለብጠዋል ብሎ ቃል የሚገባ ሰው ካለ አትመኑት። ባለቤትሽ የሚችለው ልጆቹ በቀን ስድስት ሰባት ሰዓት የሚውሉበትን ቦታ ልማድ መለወጥ ነው። ያም ትንሽ አይደለም።

ምክሬ ይኸው ነው። ዘመቻ አይክፈት፣ ንግግር አያዘጋጅ። ለመጀመሪያው መንፈቅ ሁለት ነገር ብቻ ይያዝ፤ የእንግዳ ጠረጴዛውንና የራሱን ኩባያ። ሲጋራ ማቆሚያውን በዚያው ሳምንት ይጀምር፣ ለማንም ሳይናገር። በሁለተኛው መንፈቅ ከካንቲኑ ሰውዬ ጋር ይቀመጥ፣ የወላጆችና መምህራን ማኅበሩን ይዞ። ምክትሎቹን ከመጀመሪያው ቀን ያሳትፋቸው። አንቺ ደግሞ ሚዛኑን ከመኝታ ቤት አውጪው። በወር አንዴ ጤና ጣቢያ ይመዘን። ማታ ሲመጣ ስንት ኪሎ እንደቀነሰ አትጠይቂው፤ ዛሬ ስብሰባ ላይ ምን ጠጣችሁ ብለሽ ጠይቂው። የሚቀጥለው ስብሰባ እሑድ ከሆነ፣ ቅዳሜ ማታ አንድ ሐብሐብ ገዝተሽ ስጪው። ጠረጴዛው ላይ የሚቀመጥበትን ቦታ እሱ ያውቃል።